የጠፋው ምዕራፍ

ከኑዋክሾት ወጥቼ ሁለት ቀን ተጉዤ፣
መዝገብና ሚዛን፣ ባዶ ካርቶን ይዤ፣
አድራር ደረስኩ ማታ፣ መጻሕፍት ልቆጥር።
ሥራዬ ይኸው ነው፦ ርዕስ፣ ገጽ፣ ቁጥር፤
ምስጥ የበላው ስንት?
ውሃ የነካው ስንት?
(እዚህ ዝናብ ከጣለ አራት ዓመት ሆኖታል፤
ቅጹ ምን ያውቅና! ስለ ውሃ ይጠይቃል።
«የለም» ብዬ ሞላሁ ገና ቤቱ ሳልገባ።)

የተክበርን ቤት ደጅ አሸዋ ውጦታል፤
ጎረቤቷ ዴዳህ በአካፋ ይዝቃል፤
ጧት የጣለውን ክምር ማታ ነፋስ ይመልሳል።
«ስንት ዓመት ዛቅህ?» ብዬ ብጠይቀው
«አባቴም ይዝቅ ነበር» አለና ቀጠለው።

ተክበር ሚንት ኻይሪ፣ ከመለሕፋዋ ጫፍ
ፈታ አወጣችልኝ ጥርሳም የእንጨት ቁልፍ።
የፍየል ቆዳ ሽታ፣ የአሮጌ ቀለም ጢስ፤
አንድ ወፍራም መጽሐፍ ጉልበቷ ላይ ሲደርስ
ከገጾቹ መሐል አሸዋ ፈሰሰ፣
ሹልል ብሎ ወርዶ ምንጣፏን አለበሰ።
እሷ አልጠረገችም።

«ርዕሱ?» አልኳት።
«ተፍቋል። እኛ ‹የመንገደኛው› እንለዋለን።»

ገለጥኩ። አንደኛው ምዕራፍ ስለ ስንቅ ያወራል፤
ሁለተኛው ስለ ጫማ፤ ሦስተኛው ይመክራል፣
ውሃ ያጣ አማኝ ሶላት ሲደርስበት
ንጹሕ አሸዋ ዳስሶ ፊቱን እንዲያብስበት።
አራት ስለ ኮከብ፣ አምስት ስለ ግመል ቁስል፣
ስድስት ስለ ጓደኛ፣ በጥም ቀን ስለሚከስል።

ከዚያ ስምንተኛው።

ሰባት የለም። ቆጠርኩ። ደግሜ ቆጠርኩኝ።
«ምስጥ የበላው፦ አሥራ አራት ቅጠል» ብዬ ጻፍኩኝ።

«ሰባትስ ስለ ምን ነው?»
«ስለ በረሃ» አለች፣
በአገጯ ጠቁማ ውጪውን አሳየች።
ሳቅ አልኩ፦ «ይኸው ታዲያ! ምስጥ ቢበላው ምን ጎደለ?
የበረሃው ገጽ ሰፊ ነው፣ የሚያነብ ዓይን ካለ።»
አልሳቀችም። ጣቷን ጠርዙ ላይ አሳረፈች።
«ምስጥ እንዲህ አይበላም፤ ምስጥ መስመር አያውቅም።
ይሄ የምላጭ ሥራ ነው።»
ጣቷ አልተንቀጠቀጠም።

የልጇ የያህዲህ፤ ያኔ ሃያ ሦስት ዓመቱ፤
ወደ ኑዋዲቡ፣ ለጀልባ፣ ሲነሣ በሌሊቱ
አሥራ አራቱን ቅጠል በላስቲክ ጠቅልሎ
ብብቱ ሥር ያዘው፣ «ይሄን ልዋሰው» ብሎ።
«አንተ የምትሄደው ባሕር ነው» አልኩት፣ አለችኝ፤
«ባሕርም በረሃ ነው፣ ውሃው የማይጠጣ።»
ይህን ብሎኝ ወጣ።

ከዚያ ስልክ የለም። ከዚያ ደብዳቤ የለም።
ከደሴቶቹ ተመልሶ፣ አየሁት ያለም የለም።
ዴዳህ ደጁን ይዝቃል፣ ድንገት ሌሊት ቢመለስ
የገዛ በሩን ፍለጋ በእጁ አሸዋ እንዳይምስ።

«ምዕራፉን ታስታውሺዋለሽ?»
«ዳር ዳሩን ነው እንጂ፦
‹በረሃ የገባ ሰው ርቀቱን አይጠይቅ፤
ይጠይቅ፣ ማን ከፊቱ እሳት አንድዶ እንደሄደ፤
አመዱን በእጁ ይዳስስ፣ ሞቆ እንደሁ ወይ እንደበረደ።›
የቀረውን ያህዲህ ነው የሚያውቀው።»

ምዕራፍ ማለት ማረፊያ ነው፣ ጥንታዊ ቃሉ ሲፈታ፤
ሰባተኛው የት አርፎ ይሆን፣ በየትኛው ጠረፍ፣ በየት ቦታ?
አልጠየቅኳትም።
የፈሰሰውን አሸዋ በመዳፏ ዘግና
መልሳ በተነችው፣ በስድስትና በስምንት መካከል፣
እንደ ዕልባት።

ሲመሽ መዝገቤን ገለጥኩ በባትሪ ብርሃን፤
ከምስጡ ረድፍ አሥራ አራቱን ሰረዝኩ።
ወረድ አልኩ።
«ውሃ የነካው።»
ጧት «የለም» ያልኩባት ጠባብ ሣጥን።
እሷንም ሰረዝኩ፣ በምትኩ ግን ምንም አልጻፍኩ፤
እስክሪብቶዬ ደረቀ እስክል ድረስ ጠበቅኩ።

ውጪ፣ በጨለማው፣ አካፋ አሸዋ ሲመታ ይሰማል።